አብዬ ከሰዓት በኋላ ውሃ አይጠጡም

«ጤና ይስጥልኝ። የምጽፍልሽ ከቢቸና ወጣ ብላ ካለች ቀበሌ ነው። 38 ዓመቴ ነው። ባሌ የጭነት መኪና ሹፌር ስለሆነ በወር አሥር ቀን ቤቱ ቢያድር ነው። አማቴን፣ አብዬን፣ የማስታምማቸው እኔ ነኝ። 81 ዓመታቸው ነው። ባለፈው ጥቅምት ደም ግፊታቸው ተነሥቶ ስትሮክ መታቸውና ግራ ጎናቸው ሰነፈ። ሆስፒታል ሰንብተው ተመለሱ። አሁን ቀና ብለው ይቀመጣሉ፣ ከተያዙ ጥቂት ይራመዳሉ፤ ብቻቸውን ግን አይነሡም። በብብታቸው ገብቼ ነው የማነሣቸው፤ ወገቤ አለቀ። አዲስ አበባ ያለችው የባሌ እህት ባለ አራት እግር የብረት መደገፊያ፣ ዎከር የሚሉትን፣ እና መሐሉ ክፍት ሆኖ ከሥሩ ባልዲ ያለው ወንበር ላከችልን። ብረቱን አንድ ቀን ሞክረው ‹ውሰጂልኝ› አሉ። ወንበሩን ሲያዩት ‹በዚህ ቤት ውስጥ?› ብለው ፊታቸውን አዞሩ። ጎተራው አጠገብ በላስቲኩ እንደተጠቀለለ ተቀምጧል። ጎረቤቶቼም ‹አባት በዕቃ ይጦራል እንዴ፣ እጅ የላትም ወይ› ይላሉ አሉ። ከሁሉ የሚከፋኝ፣ አብዬ ከሰዓት በኋላ ውሃ አይጠጡም። ጠላ ቢቀርብላቸውም አይቀምሱም። ‹አልጠማኝም› ነው መልሳቸው። የወንድ ልጄ ዕድሜ 14 ነው፤ የባሌ ታናሽ ወንድምም እዚሁ ጎረቤት ቀበሌ ነው የሚኖረው። በዕቃ ማስታመም ጡር አለው ወይ? እንዴትስ ላሳምናቸው?»

እህቴ፣ ከደብዳቤሽ መጨረሻ ልጀምር፤ የነገሩ ሥር ያለው እዚያ ነው። አብዬ «አልጠማኝም» የሚሉት ጠምቷቸው ነው። ከሰዓት በኋላ የጠጡት ውሃ ሌሊት ሽንት ሆኖ ይመጣል። ሽንት ሲመጣ ቀኑን ሙሉ ስትለፋ የዋለችውን ምራታቸውን ቀስቅሰው፣ ትከሻዋ ላይ ተንጠልጥለው፣ የሐምሌን ጭቃ አቋርጠው ጓሮ ድረስ መሄድ አለባቸው። እዚያስ ሲደርሱ ቀበቷቸውን የሚፈታው ማን ነው? በአገራችን ምራት የአማቷን እግር ታጥባለች፣ ጉልበት ስማ ትነሣለች፤ ሱሪ ግን አትፈታም። አብዬ ይህን ሁሉ ብቻቸውን ሲያወጡ ሲያወርዱ ቆይተው ጥማቱን መረጡ።

ይህን የሚያደርጉት እሳቸው ብቻ አይደሉም። ሰው እንዳያስቸግሩ ብለው ከንፈራቸው እስኪደርቅ የሚታገሡ ብዙ አረጋውያን አይቻለሁ። ሰውነት ግን ይህን አይታገሥም። ውሃ ያነሰው አረጋዊ ሽንቱ ይወፍራል፣ የሽንት ቧንቧው በቀላሉ ይመረዛል፣ ሆዱ ይደርቃል፣ ሲነሣ ጭንቅላቱን ያዞረዋል። የግፊት መድኃኒት የሚወስድ ከሆነ ደግሞ ማዞሩ ይብሳል። አንድ ቀን አብዬ በድንገት ቢዘባርቁ፣ ቀኑና ሌሊቱ ቢምታታባቸው፣ «እርጅና ነው» ብላችሁ አትለፉት። ከኋላው ብዙ ጊዜ የሽንት መመረዝ ወይም የውሃ ማነስ ስለሚኖር በዚያው ቀን ሐኪም ይያቸው። ሌላም ልጠይቅሽ፤ ሲጠጡ ትን ይላቸዋል? ስትሮክ የመታው ሰው አንዳንዴ የመዋጥ ኃይሉ ይዳከምና ውሃ ወደ ሳንባው ይገባል። ትን የሚላቸው ከሆነ ቀና ብለው ተቀምጠው በትንሽ በትንሹ ፉት ይበሉ፤ ለሐኪማቸውም ሳትነግሪ አትቅሪ።

ጡር አለው ወይ ላልሽው፣ ጡር ያለው አባትን በጥማት ማሳደር ላይ ነው። ምርኩዝ ዕቃ አይደለም? መቋሚያስ? አያቶቻችን በሽተኛ በቃሬዛ ተሸክመው ወንዝ ሲያሻግሩ «እጅ የላቸውም ወይ» ያላቸው የለም። ያ ወንበር የአንቺን ወገብ ያድናል፤ እኔ ግን ከዚያ አስበልጬ የማየው ሌላ ነገር ነው። በአንቺና በአብዬ መካከል የነበረውን፣ በሽታው የቀደደውን መጋረጃ መልሶ ይሰቅለዋል። አንቺ ሳታዪ፣ እሳቸው ሳይታዩ፣ ጉዳያቸውን በራሳቸው እጅ ይፈጽማሉ። ዕቃ ስትመርጪ ሁልጊዜ «ይህ አብዬን ምን በራሳቸው ያስደርጋቸዋል?» ብለሽ ጠይቂ። በዚህ ሚዛን ከተላኩልሽ ሁለት ዕቃዎች አንደኛው ወርቅ ነው፤ ሁለተኛው ለጊዜው መልሰሽ ብታስቀምጪው ይሻላል።

ወርቁ ወንበሩ ነው። «በዚህ ቤት ውስጥ?» ያሉትን ደግመሽ አድምጪው እስቲ። አባቴን ደምበጫ ሳስታምም ይህንኑ የመሰለ ወንበር ገዝቼ ከአልጋቸው ራስጌ አቆምኩት፤ ቅርብ ይሁንላቸው ብዬ ነበር። ሁለት ቀን ሙሉ አልቀመጥም አሉ። ግትርነት መስሎኝ ተቆጣሁ፤ እስከ ዛሬ ያንን ቁጣዬን ሳስበው ያንገበግበኛል። በሦስተኛው ቀን የንስሐ አባታቸው ሊጠይቋቸው መጥተው ቤቱን ቃኘት አደረጉና «ልጄ፣ ዳዊታቸው የት ነው ያለው?» አሉኝ። ዳዊቱ በማኅደሩ ሆኖ ራስጌያቸው ግድግዳ ላይ ተንጠልጥሏል፤ ከጎኑ የእመቤታችን ሥዕል አለ፤ እኔ የሽንት ወንበሩን ያቆምኩት ከሥራቸው ነው። አባቴ ጠዋት ጠዋት የሚጸልዩበት ቦታ ነበር። ወንበሩን ወደ እግርጌ፣ ወደ ጓዳው በር አዙሬ በአቡጀዲ ስጋርደው በዚያው ማታ ተቀመጡበት።

ስለዚህ መጀመሪያ ዳዊቱና ሥዕሉ የት እንዳሉ እዪ። ከዚያ ወንበሩን በሌላው ማዕዘን፣ ከአልጋው ወይም ከመደቡ በሁለት በሦስት እርምጃ ርቀት ላይ አድርጊው። ከአልጋ ሲነሡ ወንበሩ በቀኝ እጃቸው በኩል ቢገኝ ደግ ነው፤ ሰው በደህናው ጎኑ በኩል ሲዞር ይቀለዋል። ጀርባውን ግድግዳ አስደግፊው፤ ወደ ኋላ አይሸሽም። ወለላችሁ አፈር ከሆነ አንድ ሰፊ ጣውላ ከሥር አንጥፈሽ አራቱም እግሮች ጣውላው ላይ ይቁሙ፤ አለዚያ አንዱ እግር ይሰጥምና ወንበሩ ይወላገዳል። እግሮቹ ላይ የተደረደሩት ቀዳዳዎች ቁመት መጨመሪያና መቀነሻ ናቸው። አብዬ ሲቀመጡ የውስጥ እግራቸው ሙሉ በሙሉ መሬት ይንካ፤ ዳሌያቸው ከጉልበታቸው እኩል ወይም ጥቂት ከፍ ይበል። አራቱም እግሮች እኩል ቀዳዳ ላይ መሆናቸውን በጣትሽ ቁጠሪ። በርጩማና ዱካ ላይ መቀመጥ ግን ይቅርባቸው፤ ከዝቅተኛ መቀመጫ መነሣት የጭንና የጉልበት ኃይል ይጠይቃል፤ እሱ ነው የጎደላቸው።

ባልዲው እንዳይሸት አስቀድመሽ ከታች ጥቂት አመድ በትኚበት፤ ከተጠቀሙ በኋላም ጨምሪበት። ሳይውል ሳያድር ይውጣ፤ ክዳኑም ይከደን። በበረኪና የምታጥቢው ከሆነ መጀመሪያ ደፍተሽ በውሃ አለቅልቂው። በረኪና ከሽንት ጋር ሲገናኝ ሳንባ የሚያቃጥል ጭስ ያወጣል።

ልብሳቸውም ይታሰብበት። ቀበቶና ቁልፍ ያለው ሱሪ በአንድ እጅ አይፈታም። ወገቡ ላስቲክ የሆነ ሰፋ ያለ ሱሪ ልብስ ሰፊ ዘንድ አሰፊላቸው። ከላይ ጋቢያቸውን እንደለበሱ ወንበሩ ፊት ይቆማሉ፤ አንቺ በደካማው ጎን ቆመሽ ሚዛናቸውን ትይዣለሽ፤ እሳቸው በቀኝ እጃቸው ከጋቢው ሥር ሱሪያቸውን ዝቅ አድርገው ይቀመጣሉ። የምታዪው ነገር የለም። ከዚያ ከመጋረጃው ውጭ ቁሚ። ሲጨርሱ በከዘራቸው ወለሉን ሁለቴ ይምቱ። የመጀመሪያውን ሳምንት ከመጋረጃው ጀርባ ፈቀቅ አትበይ። ወንበሩ ላይም ከአሥር፣ ከአሥራ አምስት ደቂቃ በላይ አይቆዩ፤ መሐሉ ክፍት መቀመጫ ላይ ረጅም ጊዜ መቀመጥ ቆዳን ያስጨንቃል።

ለሌሊቱ ደግሞ ወንበሩም ላያስፈልግ ይችላል። አንገቱ ሰፋ ያለ፣ እጀታ ያለው የወንዶች የሽንት ዕቃ አለ፤ በሕክምና ዕቃ መሸጫ ሱቆች ስለሚገኝ ባልሽ ደብረ ማርቆስ ወይም ባሕር ዳር ሲያልፍ ይጠይቅ። አልጋው ጠርዝ ላይ በቀኝ በኩል ይንጠልጠል። አብዬ አልጋቸው ጫፍ ላይ ተቀምጠው፣ ጋቢያቸውን ለብሰው፣ ማንንም ሳይቀሰቅሱ ይጨርሳሉ። የሃይላንድ ጠርሙስ ቆርጦ መስጠትን ብዙ ቤት አይቻለሁ፤ የተቆረጠው አፍ እንደ ምላጭ ስለሆነ አልወደውም። ይህች ትንሽ ዕቃ የምትገዛ ከሆነ ከሁሉ በፊት እሷ ትገዛ። ውሃውን የምትመልስላቸው እሷ ነች።

አሁን ስለ ብረቱ። እዚህ ላይ አብዬ ልክ ሳይሆኑ አይቀሩም። ዎከር የሚሠራው በሁለት እጅ ነው። ግራ ጎናቸው ከሰነፈ ግራ እጃቸው ብረቱን አጥብቆ አይዝም፤ ሲያነሡት ወደ አንድ ጎን ያዘነብላል፤ ይዟቸውም ይወድቃል። ሁለት ጣትሽን በግራ መዳፋቸው ላይ አድርገሽ «አብዬ፣ ጨብጡኝ» በያቸው። ጠበቅ አድርገው ከያዙሽ ብረቱ በኋላ ሊጠቅም ይችላል። ጣትሽ ሾልኮ ከወጣ «ውሰጂልኝ» ያሉት እጃቸው ያወቀውን ነው። እህትየው በደግነት ነው የላከችው፤ ስትልክ ግን የትኛው እጅ እንደሰነፈ የነገራት አልነበረም ማለት ነው።

ለእሳቸው የሚሆነው በቀኝ እጅ የሚያዝ ከዘራ ነው። አዎ፣ በደህናው እጅ፤ ብዙ ሰው በደካማው እግር በኩል ያስይዛል፤ ስሕተት ነው። ከዘራውና ግራ እግራቸው አብረው ወደፊት ይሄዳሉ፤ ቀኝ እግራቸው ይከተላል። ደፍ ሲወጡ ደህናው እግር ይቅደም፣ ሲወርዱ ከዘራውና ደካማው እግር ይቅደሙ። ልኩን ለማወቅ ጫማቸውን አድርገው ቀጥ ብለው ይቁሙ፤ ክንዳቸው ወደ ታች ሲንጠለጠል የእጃቸው አንጓ ያለበት ቦታ የከዘራው እጀታ ቦታ ነው። ሲይዙት ክርናቸው ጥቂት መታጠፍ አለበት። መቋሚያቸውን ለዚህ ብላችሁ እንዳትቆርጡት አደራ! መቋሚያ በቅዳሴና በማኅሌት ቆሞ መደገፊያ ነው፤ እሱ በቦታው ይኑር፤ መሄጃው ሌላ ይዘጋጅ። ከከዘራው ሥር የሚገባው ጎማ ሲያልቅና ሲለሰልስ ይቀየር። ባለ አራት ጣት ከዘራ ከቤት ውስጥ ለጥ ባለ ወለል ላይ ጥሩ ነው፤ ግቢ ውስጥ ግን አራቱም ጣት እኩል ስለማያርፍ ይወላውላል። ጫማውም ተረከዙን የሚይዝ ይሁን፤ ሸበጥ ይቅር።

ሌላ ነገር ልንገርሽ፤ ይህን የማይገዛውን ዕቃ ነው ከሁሉ የምወድደው። የአፈር ወለል ያለው ቤት ሰዎች የማያውቁት ሀብት አለው፤ ምሰሶ ይተከልበታል። የባልሽ ታናሽ ወንድም አንድ ቅዳሜ ይምጣ። ቅርፊቱ የተላጠ፣ ለስልሶ የተጠረበ፣ በእጅ ሙሉ የሚጨበጥ የባሕር ዛፍ አግዳሚ ከአልጋው እስከ ወንበሩ፣ ከቻለም እስከ በሩ ይሥራ። ከፍታው የአብዬ እጅ አንጓ ላይ ይሁን። ሲሄዱ ቀኝ እጃቸው የሚያርፍበት በኩል ይተከል፤ መመለሻውም ቀኝ ስለሚሆን ቦታው ከፈቀደ በሁለቱም በኩል ይሥራላቸው። እንደ አጥር ዋልታ ጠንክሮ ይታሰር፤ የታናሽየው ሙሉ ክብደት ተንጠልጥሎበት ካልተነቃነቀ ይበቃል። አልጋቸው አጠገብም አንድ ቀጥ ያለ ምሰሶ ይቁም፤ እሱን ይዘው ይነሣሉ። ማንም ጎረቤት ይህን «ዕቃ» አይለውም። አናጢ የምትጠሩ ከሆነ ከእንጅባራ በኩል የሚመጣውን የቀርቀሃ ወንበር ለመቀመጫ ሊያሳይሽ ይችላል፤ ቀላል ነው፣ ያምራልም፤ ነገር ግን እጅ መደገፊያውን ተጭነሽ ካልተወዛወዘ ብቻ ተቀበይው።

ወደ ወገብሽ ልመለስ። በብብት ገብቶ ማንሣቱን ከዛሬ ጀምሮ ተዪ። ለአንቺም ለእሳቸውም ጎጂ ነው፤ ስትሮክ ያሰነፈው ትከሻ ሲጎተት ከማረፊያው ሊሾልክ ይችላል፤ ሕመሙም ለወራት ይቆያል። አንገትሽንም አታስይዢ፤ ሲወድቁ አብረሽ ትወድቂያለሽ። ከጠንካራ ሸራ የተሰፋ፣ ድርብ፣ አንድ ጋት የሚያህል ወርድ ያለው ቀበቶ አሰፊ። መቀነትሽ ለዚህ አይሆንም፤ ይሾልካል፣ ሲጎተትም ይጠብቃል። ቀበቶውን በልብሳቸው ላይ ወገባቸው ላይ እሰሪው፤ ሁለት ጣት ብቻ ይግባ። የምትይዢው እሱን ነው።

አነሣሡ እንዲህ ነው። መጀመሪያ አልጋው ጠርዝ ላይ ለጥቂት ደቂቃ ይቀመጡ፤ ጭንቅላታቸው ይርጋ። ወደ ጫፉ ቀረብ ይበሉ። እግራቸውን ከጉልበታቸው ወደ ኋላ ሳብ ያድርጉ። አፍንጫቸው ከእግር ጣታቸው በላይ እስኪሆን ወደፊት ያጎንብሱ፤ ሰው ቀጥ ብሎ ተቀምጦ አይነሣም፤ አጎንብሶ ነው የሚነሣው። በቀኝ እጃቸው አልጋውን ወይም ምሰሶውን ይግፉ። አንቺ በደካማው ጎን ቁሚ፤ እግርሽን ከፈት፣ ጉልበትሽን አጠፍ አድርጊ፤ ወገብሽን ሳትጠመዝዢ። አብራችሁ እንድትነሡ መቁጠር ያስፈልጋል፤ እኔና አባቴ «በስመ አብ፣ ወወልድ፣ ወመንፈስ ቅዱስ» እያልን፣ በሦስተኛው ላይ እንነሣ ነበር። እሳቸው ይላሉ፣ እኔ እከተላለሁ። መሪው እሳቸው ነበሩ።

ቢወድቁ አፋፍሰሽ አታንሺ። ይተንፍሱ፤ የት እንዳመማቸው ጠይቂ። አንድ እግራቸው አጥሮ ወደ ውጭ ከዞረ፣ ወይም ዳሌያቸው ሲነካ ከጮኹ፣ ስብራት ሊሆን ስለሚችል ባሉበት ሸፍነሽ ሰው ጥሪ፤ በጠፍጣፋ ቃሬዛ ነው የሚሄዱት።

ቆዳቸውንም በየቀኑ ሰው ይመልከትላቸው፤ ይህን ግን ልጅሽ ወይም ታናሽየው ያድርገው። ጭራ አጥንት፣ ዳሌ፣ ተረከዝ፣ በተለይ የግራው ተረከዝ። በእኛ ቆዳ ላይ መቅላት ላይታይ ስለሚችል ከአካባቢው የጠቆረ፣ የሞቀ ወይም የደደረ ቦታ ይፈልጉ። ተኝተው ከሆነ በየ2 ሰዓቱ ጎን ይቀየር፤ ተረከዙ እንዳይነካ ከባታቸው ሥር ትራስ ይግባ። መደቡ ላይ ሲውሉ ደግሞ ጠጉሩ ያልተላጨ አጎዛ ይነጠፍላቸው። አጎዛ በዘመናዊ ሕክምናም ቆዳን ከመላጥ እንደሚከላከል የተመሰከረለት ነው፤ ቤትሽ ውስጥ ያለ መድኃኒት ነው። ጀንዲ ግን ይደድራል። መሐሉ ክፍት የሆነውን ክብ የጎማ መቀመጫ ሰው ቢያመጣላችሁ አትጠቀሙበት፤ ዙሪያውን ደም ያግዳል።

ማሳመኑን በተመለከተ፣ «ለእርስዎ ጥሩ ነው» አትበያቸው። ለራሳቸው ብለው የማይቀበሉትን ለልጃቸው ብለው ይቀበላሉ። ቁጭ ብለሽ፣ ሰው በሌለበት፣ «አብዬ፣ ወገቤን እየታመምኩ ነው፤ ይርዱኝ» በያቸው። እውነትሽን ነው። ከጥቅምት ጀምሮ ማንም አብዬን «ይርዱኝ» ብሏቸው የሚያውቅ አይመስለኝም። ከዚያ መጋረጃው የት ይሰቀል፣ አግዳሚው የት ይቁም፣ እሳቸው ይወስኑ፤ ታናሽየው ሲተክል በከዘራቸው እያመለከቱ ያሠሩት።

የንስሐ አባታቸውንም ጥሪ። ስለ ወንበሩ ብቻ አይደለም፤ ነሐሴ 1 ፍልሰታ ይገባል። አብዬ እንደ ልማዳቸው እስከ 9 ሰዓት ውሃ ሳይቀምሱ ልጹም ማለታቸው አይቀርም፤ የግፊት ክኒናቸውም አብሮ ይዘለላል። ለታመመ ሰው ቤተ ክርስቲያን ርኅሩኅ ነች፤ ከምራት አፍ የማይሰሙትን ከካህን አፍ ይሰማሉ።

ገላቸውን ማጠብ የወንዶች ይሁን። ባልሽ ቤት በሚያድርባቸው ቀናት እሱ፣ እሱ በሌለባቸው ሳምንታት ታናሽ ወንድሙ። ይህን ልመና አታድርጊው፤ የሳቸው ልጅ ነው፤ ጎረቤት ቀበሌ ነው ያለው። ልጅሽ ማታና ጠዋት የሽንት ዕቃዋን ደፍቶ ቢያጥብ ለአያቱ ክብር ነው፤ ትምህርቱ ግን እንዳይነካ።

ተሽከርካሪ ወንበር ግዙ የሚልሽ ይመጣል። አሁን አትቸኩዪ። እኔ ሳልለካ ገዝቼ በጓዳችን በር አልገባ ብሎኝ በረንዳ ላይ ዝናብ መታው። ብዙዎቹ ከ60 ሴንቲ ሜትር በላይ ወርድ አላቸው፤ ደፉን ለማለፍም ለእያንዳንዱ 1 ሴንቲ ሜትር ከፍታ 12 ሴንቲ ሜትር ርዝመት ያለው መወጣጫ ይፈልጋሉ፤ 15 ሴንቲ ሜትር ለሆነ ደፍ 1 ሜትር ከ80 ማለት ነው። በክረምት ጭቃ ደግሞ አይገፋም። መስከረም ሲጠባ፣ ለበዓል ቤተ ክርስቲያን ለመሳም ከተመኙ፣ ያኔ ያስፈልጋል። ባሕር ዳር የአካል ተሃድሶ ማዕከል አለ፤ ክራንችና ተሽከርካሪ ወንበር እዚያ ይጠየቃል። እድራችሁንም ጠይቂ፤ ድንኳንና ድስት የሚያከራይ እድር የሟች ቤተሰብ ጥግ ላይ የጣለውን ወንበር ሰብስቦ ለባለ ሕመምተኛ ቢያውስ እጅግ ደስ ይለኛል። ደብረ ማርቆስ ለግፊት ክትትል ስትሄዱም ፊዚዮቴራፒ ይታዩ ዘንድ ሐኪሙን ጠይቂ፤ ዘጠኝ ወር ቢያልፍም አሁንም የሚመለስ ጉልበት አለ። የቀበሌያችሁ የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያም ቤት ድረስ መጥታ ግፊታቸውን ብትለካ፣ ቆዳቸውን ብታይ ጥሪያት።

ሽንት ሳይወጣ ግማሽ ቀን ካለፈና ከእምብርታቸው በታች ከተነፋ፣ ወይም ፊታቸው በድንገት ከጠመመ፣ ንግግራቸው ከተኮላተፈ፣ ሌላው ጎናቸው ከዛለ፣ ነገ አትበይ፤ በዚያው ሰዓት ሆስፒታል።

ጎተራው ጋ ያለውን ወንበር ዛሬ ከላስቲኩ አውጪና አጥበሽ ፀሐይ ላይ አድርጊው። በሚቀጥለው ደብዳቤሽ ሦስት ነገር ጻፊልኝ፤ የግራ እጃቸው ጣትሽን መያዝ አለመያዙን፣ የበራችሁን ወርድና የደፉን ከፍታ በሴንቲ ሜትር፣ እና አብዬ ማታ ስንት ብርጭቆ ውሃ እንደጠጡ።